የአዲስ አበባን የሙዚቃ ታሪክ በእግር፦ ከየት ይጀመር?

ጥያቄ፦ ስድስት እንግዶችን ግማሽ ቀን በእግር ላስጎበኝ ነው። ከፒያሳ ልጀምር ወይስ ከስድስት ኪሎ?

መልስ 1፦ ከስድስት ኪሎ ጀምር፤ መንገዱ በአብዛኛው ቁልቁል ነው። ከተማው 2,400 ሜትር ገደማ ላይ ስላለ እንግዳ ሽቅብ ሲወጣ ቶሎ ይደክመዋል። ዩኒቨርሲቲው ግቢ ያለው የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ሙዚየም ውስጥ ማሲንቆ፣ ክራርና በገና ጎን ለጎን አሉ። በገናው ጋ ቆም በሉ። አሥሩ ጅማቶች ከሥራቸው ቁራጭ ቆዳ አላቸው፤ ያ የሚነዝር ድምፅ የሚመጣው ከሷ ነው። ቆዳዋ ትንሽ ከተንሸራተተች ድምፁ ይደርቃል። ይህን ሳያሳዩ ማለፍ ትልቅ ጉድለት ነው።

መልስ 2፦ ከዚያ በአራት ኪሎ በኩል ወደ ራስ መኮንን ድልድይ ውረዱ። ከድልድዩ በኋላ ያለችው ዳገት አጭር ናት፣ ግን ውሃ ያዙ። ሀገር ፍቅር ቴአትር (1927 ዓ.ም. የተመሠረተ) እዚያው አካባቢ ነው። የ«አርባ ልጆች»ን ነገርም እዚህ አንሣ፦ ራስ ተፈሪ በ1916 ዓ.ም. ከኢየሩሳሌም ያስመጧቸው ወላጅ አልባ አርመናውያን የነሐስ መሣሪያ ተጫዋቾች ናቸው። መሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን ነበር። የኋለኞቹ የክብር ዘበኛና የፖሊስ ባንዶች የነሐስ ሙዚቃ የእነሱን ታሪክ ሳያውቁ አይገባም።

መልስ 3፦ የድሮ ካርታ አትመን። ፒያሳም ካዛንቺስም ብዙ ፈርሷል፤ ዋዜማውን ራስህ ሂድና እየው። መጨረሻው ብሔራዊ ቴአትር (1948 ዓ.ም.) ይሁን፤ የድንጋዩ አንበሳ ሥር ሁሉም ዐረፍ ይላል።