ለሕፃናት ማቆያ የደረጃ ዕድገት ቀዳሚነት የሚቆጠረው ከየትኛው ቀን ነው?

ጥያቄ (ከደብረ ማርቆስ)

ጤና ይስጥልኝ። በአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት የሕፃናት ማቆያ ውስጥ በተንከባካቢነት እሠራለሁ። በቅርቡ የማቆያው አስተባባሪ የሥራ መደብ በውስጥ ማስታወቂያ ወጥቶ ሁለት ሠራተኞች ተወዳደርን። እኔ ማቆያው ሲከፈት በኮንትራት ገብቼ ከዓመታት በኋላ ቋሚ የሆንሁ ስሆን፣ ባልደረባዬ ደግሞ እኔ ቋሚ ከመሆኔ በፊት በሌላ መሥሪያ ቤት በጽዳት ሠራተኛነት በቋሚነት ተቀጥራ፣ በኋላ በዝውውር ወደ እኛ የመጣች ናት። በሥራ አፈጻጸም ውጤት እምብዛም አንለያይም። ኮሚቴው «በመንግሥት አገልግሎት ቀዳሚዋ እሷ ናት» ብሎ ዕድገቱን ለእሷ ሲሰጥ የኮንትራት ዘመኔን ጭራሽ አልቆጠረልኝም። ከእሷ ጋር ጠብ የለንም፤ ጠዋት ሕፃናቱን ከእናቶቻቸው የምንረከበው፣ ትኩሳት እንዳላቸው የምናየውና በወተት ጠርሙሳቸው ላይ ስማቸውን የምንጽፈው አብረን ነው። ሆኖም ቅሬታ ባቀርብ ያዋጣኛል ወይ?

መልስ (የሰው ሀብት ባለሙያ፣ ፍኖተ ሰላም)

እኅቴ፣ ኮሚቴው ጠቅላላ የአገልግሎት ዘመንን ከአግባብነት ካለው የሥራ ልምድ ጋር የቀላቀለ ይመስለኛል። የአገልግሎት ዘመን ለዓመት ፈቃድና ለጡረታ ስሌት ይጠቅማል፤ ለደረጃ ዕድገት ግን መጀመሪያ የሚታየው ለመደቡ የተቀመጠው ተፈላጊ ችሎታ የሚጠይቀው የትምህርት ደረጃና የሥራ ልምድ ነው። ስለዚህ ከሁሉ አስቀድመው ማስታወቂያው የጠየቀው «በሕፃናት እንክብካቤ» የተገኘ ልምድ ነው ወይስ እንዲሁ «የሥራ ልምድ» ብቻ የሚለውን ቃል በቃል ያንብቡ። የጡረታ መዋጮ፣ ማለትም ከሠራተኛው 7 ከመቶ፣ ከመሥሪያ ቤቱ 11 ከመቶ፣ መቆረጥ የሚጀምረው ከቋሚ ቅጥር በመሆኑ ብዙ ኮሚቴዎች ያንን ቀን ይዘው የቀረውን ይረሱታል። የኮንትራት ዘመን የሚረጋገጠው በውልዎ፣ በደመወዝ መክፈያው ዝርዝርና በተቆረጠው የሥራ ግብር ነው።

ሕጉ ለሴቶች የሚሰጠው ቅድሚያም እዚህ ላይ አይረዳችሁም፤ የተወዳደራችሁት ሁለታችሁም ሴቶች ናችሁና።

መልስ (ተንከባካቢ፣ ባሕር ዳር)

ከላይ የተሰጠው ማብራሪያ በመሠረቱ ትክክል ቢሆንም የባልደረባዋን ወገን ጨርሶ የዘነጋ መሰለኝ። በየማቆያው በደብዳቤ የጽዳት ሠራተኛ፣ በተግባር ግን ሞግዚት የሆኑ እኅቶች ብዙ ናቸው፤ አንዲት ተንከባካቢ ስትታመም ሕፃን የሚያባብሉትና የሚያስተኙት እነሱ ናቸው፣ ይህ ሁሉ ግን በቃል ትእዛዝ የሚሠራ ስለሆነ በግል ማኅደራቸው ውስጥ አንድም ቦታ አይገኝም። ባልደረባዎ በቀድሞ መሥሪያ ቤቷ እንዲህ ያለ ሥራ ሠርታ ከነበረ፣ የመደብ መጠሪያዋን ብቻ ይዞ ልምዷን ዜሮ ማለት በእርስዎ ላይ የደረሰውን በእሷ ላይ መድገም ነው። ጥፋቱ የሁለታችሁም ሳይሆን ሰው የሚሠራውን በወቅቱ በደብዳቤ የማያሳውቀው ኃላፊ ነው።

ጠያቂዋ

ሁለታችሁንም አመሰግናለሁ። ማስታወቂያውን መልሼ ሳነበው «በሕፃናት እንክብካቤ ወይም ተመሳሳይ ሥራ» ይላል። አንድ ነገር ግን ያሳስበኛል፤ የኮንትራት ውሌ በየዓመቱ በጀት ሲዘጋ ሰኔ 30 ያበቃና አዲሱ የሚፈረመው ሐምሌ ተጋምሶ፣ አንዳንዴም ነሐሴ ላይ ነበር። በመካከሉ ያለ ውል እየሠራሁ ቆይቻለሁ። ይህ ልምዴን ያቋርጠዋል?

የሰው ሀብት ባለሙያው

በእኔ እምነት ሊያከራክር የሚገባው ያለ ውል የተሠሩት ቀናት ይቆጠሩ አይቆጠሩ የሚለው ብቻ ነው፤ ከፊትና ከኋላ በውል የተሠራውን ዘመን ሊያጠፋ አይገባም። ለእነዚያ ቀናት ክፍያ ተፈጽሞልዎት ከነበረ ሒሳብ ክፍል ማስረጃው ስለሚኖር እነሱንም ያስቆጥሩ። «ተመሳሳይ ሥራ» የሚለው ሐረግ ግን የባሕር ዳሯ እኅት ያሉትን ክርክር ለባልደረባዎም ይከፍትላታልና፣ ቅሬታዎ እሷን በማሳነስ ሳይሆን ያልተቆጠረልዎትን ዘመን በማሳየት ላይ ይቁም። ቅሬታ ማቅረቢያው ጊዜ አጭር ስለሆነ በክልሉ አዋጅና መመሪያ የተቀመጠውን ገደብ ነገ ጠዋት ይጠይቁ፤ ማመልከቻውን በቃል ሳይሆን በጽሑፍ አቅርበው፣ መዝገብ ቤት ቀንና ማኅተም ያደረገበትን አንድ ቅጂ ለራስዎ ያስቀሩ።