ፓክ ሱንግ ፒል ፕሮዲውሰር ነው ወይስ የቲያትር ቤት ሥራ አስኪያጅ? እርዱኝ

ጠያቂ፦ ሰላም ቤተሰብ እንዴት ናችሁ። ለፊልም ታሪክ ክፍል ፕረዘንቴሽን አለብኝ፣ የደረሰኝ ርዕስ የድሮ የኮሪያ ፊልም ፕሮዲውሰር ነው፣ እኔም ፓክ ሱንግ ፒልን መረጥኩ ግን አንዱ ጋ ፕሮዲውሰር ይለዋል ሌላው ጋ የቲያትር ቤት ሥራ አስኪያጅ። የመጀመሪያው የኮሪያ ፊልምም አንዱ በፈረንጅ 1919 ይላል አንዱ 1923። የቱን ልያዝ? ከሥራዎቹ ክሊፕ የት እንደማገኝም የምታውቁ ባካችሁ ንገሩኝ።

ሲኒማ ወዳድ፦ ሁለቱንም ነው እህቴ። ያኔ ስቱዲዮ የሚባል ነገር ስላልነበረ ስክሪን ያለው ሰው ነው ብር የሚያወጣው። ሴኡል ያለውን ዳንሶንግሳ የሚባል ቲያትር ቤት ከ1918 ጀምሮ ያስተዳድር ነበር፣ በ1919 የኪም ዶ ሳንን የቲያትር ቡድን ፋይናንስ አድርጎ ኪኖ ድራማ አሠራ። ማለት ተዋንያኑ መድረክ ላይ እየተጫወቱ መድረክ ላይ የማይሆን ነገር ሲመጣ መብራት ይጠፋል፣ ስክሪን ይወርዳል፣ ውጭ የተቀረፀው ይታያል፣ ከዛ መብራት በርቶ ተዋንያኑ ካቆሙበት ይቀጥላሉ። የታየው ኦክቶበር 27 ነው፣ ኮሪያዎች እስካሁን የፊልም ቀን ብለው የሚያከብሩት እሱን ነው።

የታሪክ ተማሪ፦ ግማሹ ቲያትር ስለሆነ ነው 1923 የሚሉት ያሉት። የ1923ቱ ሙሉ ፊልም ነው ግን ያሠራው የጃፓን ቅኝ ገዢ መንግሥት ነው፣ ሕዝቡ ገንዘብ እንዲቆጥብ ለመቀስቀስ። ሁለቱንም ጥቀሺና ልዩነቱን አስረጂ፣ አንዱን ብቻ ከያዝሽ መምህሩ ይይዝሻል።

ሲኒማ ወዳድ፦ እኔ ብሆን ግን ዋናውን ጊዜ ለ1924 ነበር የምሰጠው። ከሱ በፊት በነበረው ዓመት ተፎካካሪውን ቲያትር ቤት የያዘው ጃፓናዊው ሃያካዋ ቹንህያንግ የሚባለውን የኮሪያ ተረት ፊልም አድርጎ ሠርቶ ሕዝቡ ጎረፈለት። ፓክ ዝም አላለም፣ ዳንሶንግሳ ውስጥ የፊልም ክፍል ከፍቶ የእንጀራ እናት የምታሠቃያቸውን የሁለቱን እህትማማቾች ተረት፣ ጃንግህዋ ሆንግርዮንን አሠራ፣ ገንዘቡም ዳይሬክተሩም ካሜራማኑም ተዋንያኑም ኮሪያዊ። በቅኝ ግዛት ዘመን ይሄን ማድረግ ትልቅ ነገር ነው፣ ፕሮዲውሰር የሚያሰኘው በደንብ እሱ ነው።

ሌላ አባል፦ አንድ ነገር ልጨምር፣ አሪራንግ የሚባለው የ1926 ፊልም የታየው ዳንሶንግሳ ስለሆነ ፕሮዲውሰሩ እሱ ነው እንዳትዪ፣ ያሠራው የሌላ ጃፓናዊ ካምፓኒ ነው።

ጠያቂ፦ እግዜር ይስጥልኝ! ክሊፑስ?

የታሪክ ተማሪ፦ ከሱ ፊልሞች የተረፈ የለም። የዘመኑን መልክ ለማሳየት ከሆነ በ2007 የተገኘው ድምፅ አልባው የ1934 ፊልም አለ፣ የወጣትነት መንታ መንገድ ይባላል። ፓክ በ1932 ስለሞተ የሱ ሥራ አለመሆኑን ስላይዱ ላይ ጻፊ። የኮሪያ ፊልም አርካይቭ ዩቲዩብ ላይ የድሮ ፊልሞችን በነፃ ይለቃል፣ መጀመሪያ እዛ ፈልጊ።