ከእንጦጦ የሚወርደው ውሃ እኛ ሰፈር ሲደርስ

የአቃቂ እናት፦
ሰላም ለሁላችሁ። የምኖረው አቃቂ፣ ወንዙ አፋፍ ላይ ነው። ባለፈው እሁድ የ6 ዓመት ልጄን ይዤ ሦስት ታክሲ ቀያይሬ እንጦጦ ወጣሁ። አንዲት ቀጭን ጅረት ስናገኝ ጫማውን አወለቀና ገባ። «እማ፣ እግሬ ይታየኛል!» ሲለኝ እንባዬ መጣ። እኛ ሰፈር ወደ ወንዙ ሲጠጋ እጁን ጎትቼ ነው የምመልሰው። ውሃው ጥቁር ነው፤ ከላይ ያለ ፋብሪካ ቀለም የለቀቀ ቀን ደግሞ ሰማያዊ ሆኖ ይውላል፣ አረፋው ድንጋዩ ላይ እንደ ባዘቶ ይቀመጣል። ማታ መስኮት አንከፍትም። እናቴ ግን እዚሁ ልብስ አጥባበታለች።

ያው ከእንጦጦ የተነሳው ውሃ እኮ ነው ከተማውን አቋርጦ የሚመጣብን! ላይ ያለው ጥላና ምንጭ፣ ታች ያለው የሁሉም እጣቢ የሚደርሰው ለምንድን ነው? አንድ ቢሮ ሄጄ «አንቺ ምን ያገባሻል? በግልሽ ምን ጉዳት ደረሰብሽ?» ተባልኩ። ለማን አቤት ልበል?

ሕግ አዋቂ፦
እህቴ፣ ያገባሻል። የ1995ቱ የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300፣ አንቀጽ 11፣ ማንም ሰው የግል ጥቅሙ መነካቱን ሳያስረዳ በበካይ ላይ አቤት እንዲል ይፈቅዳል። በ30 ቀን ውስጥ ውሳኔ ካላገኘሽ ፍርድ ቤት መሄድ ትችያለሽ። ብቻ በቃል እንዳታቀርቢ። በጽሑፍ አስገቢ፣ ቅጂሽ ላይ ቀንና ማህተም አስመቺ፤ አለዚያ 30ው ቀን ከመቼ እንደሚቆጠር ማሳያ ታጫለሽ።

የፒያሳ ልጅ፦
በ2011 ሸገርን የማስዋብ ሥራ ሲጀመር ከእንጦጦ እስከ አቃቂ 56 ኪሎ ሜትር የወንዝ ዳርቻ ይለማል ተብሏል። ትንሽ ታገሺ።

አትክልተኛው፦
እኔ ያንን ውሃ በሞተር ስቤ ቆስጣና ጎመን ሳጠጣ 20 ዓመት አለፈኝ። ሌላ ውሃ የለኝም። ያለ ቦቲ ከገባሁ እግሬን ሲያሳክከኝ ያድራል። ሰው «መርዝ ታበላላችሁ» ይለናል፤ ያበላሸነው እኛ አይደለንም። ስትጽፉ እኛንም አስገቡን። እርሻው ይዘጋ እንዳትሉ ግን፣ ውሃው ይጥራ በሉ።

የአቃቂ እናት፦
ጋሼ፣ እርስዎ ባይጽፉ እኔም ጎመኑን አትግዙ ልል ነበር። ይቅር ይበሉኝ። የፒያሳው ወንድሜ፣ ዳርቻው ቢያምርም ውሃው ካልጠራ ልጄ አፋፉ ላይ ቆሞ ነው የሚያየው። ማክሰኞ ማመልከቻዬን አስገባለሁ። ወንዙ ቀለም ለብሶ ያያችሁ ሁሉ ቀኑንና ሰዓቱን እዚህ ጻፉልኝ።