«ባሕረ ሐሳብ» ውስጥ ያለው ሐሳብ የቱ ነው?

ጥያቄ፦ ሰላም ለቤቱ። ፋሲካ መቼ እንደሚውል የሚታወቅበት ትምህርት «ባሕረ ሐሳብ» ይባላል። «የሐሳብ ባሕር» ብዬ ስፈታው ግን አልገጥም አለኝ። ፍልስፍና ነው እንዴ? «አበቅቴ»ስ ከየት መጣ?

መልስ፦ ወንድሜ፣ ያሳሳተህ የዛሬው አማርኛ ነው። በግዕዝ «ሐሰበ» ማለት ቆጠረ፣ አሰላ ማለት ነው። ስለዚህ የቁጥር ባሕር ነው። ደግሞ ይህ ፍቺ ከአፋችን አልጠፋም። ጉልት ሄደህ ሽንኩርት ስትገዛ «እማማ፣ ቀንሰው ያስቡልኝ» ትላለህ አይደል? እሳቸውም በጣታቸው ቆጥረው ዋጋውን ይነግሩሃል። ያ ማሰብ ባሕረ ሐሳብን ቀመረ የሚባለው የድሜጥሮስ ማሰብ ነው። እኔ ይህን ያስተዋልኩ ቀን በጣም ነው ደስ ያለኝ።

ድሜጥሮስ የእስክንድርያ 12ኛ ፓትርያርክ ነው፤ የተሾመው በ2ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ላይ ነው። ትውፊቱ እንደሚለው ያልተማረ ገበሬ ነበር። ያለ ወራቱ ያፈራ የወይን ዘለላ ይዞ ወደ ፓትርያርኩ ወደ ዩልያኖስ ሲገባ፣ የሚተካው እሱ መሆኑ ታወቀ። ከተሾመ በኋላ ዐቢይ ጾም ከሰኞ፣ ስቅለት ከዓርብ፣ ትንሣኤ ከእሑድ እንዳይወጡ ተመኘ። መልአክም ከሌሊቱ 23፣ ከቀኑ 7 ሱባኤ እንዲገባ ነገረው።

እዚህ ላይ ቆም በሉልኝ። ሱባኤ ዛሬ የጸሎት ጊዜ ነው፤ ሥሩ ግን ሰባት ነው። 23 በ7 ሲባዛ 161። በ30 ስትገድፈው፣ ማለትም 30ን ደጋግመህ ስትቀንስለት፣ 11 ይተርፋል፤ ይህ ጥንተ አበቅቴ (መነሻው አበቅቴ) ነው። 7 በ7 ደግሞ 49፤ 30 ሲነሣለት 19፣ ጥንተ መጥቅዕ። አባቶች ስሌቱን በታሪክ ውስጥ አስቀምጠው ለተማሪ አስረከቡት። የ19 ዓመቱን ዙር ግሪኮች ከድሜጥሮስ በፊትም ያውቁት ነበር፤ የገበሬው ታሪክ ግን ቁጥሩ ከልብ እንዳይጠፋ አድርጎታል።

አበቅቴ ከግሪክ «ኤፓክታይ» የመጣ ነው፤ «የተጨመሩ» ማለት ነው። የፀሐይ ዓመት 365፣ የጨረቃ 354 ቀን ነው። ልዩነቱ ያው 11 ነው።

ጥያቄ፦ እኔም ልጨምር። መጥቅዕ ደወል አይደለም እንዴ? በዚሁ ስሌት «ወንበር» የሚባልም አለ፤ እሱስ እዚህ ምን ያደርጋል?

መልስ፦ ልክ ነሽ እህቴ፤ የሚደወል ወይም የሚነፋ ነገር ነው። ስሙ ከአይሁድ የመለከት በዓል ጋር ይያያዛል። ወንበር ደግሞ ዓመቱ በ19 ዓመት ዙር ውስጥ የተቀመጠበት ቦታ ነው። 2018ን እንየው። ከክርስቶስ ልደት በፊት የሚቆጠረው 5500 ዓመት ሲጨመርበት 7518። በ19 ስትገድፊው 13 ይተርፋል፤ አንድ ለዘመኑ ቀንሺ፣ ወንበር 12። 12 በ11 ሲባዛ 132፤ በ30 ሲገደፍ አበቅቴ 12። 12 በ19 ደግሞ 228፤ መጥቅዕ 18። ሁለቱ ሲደመሩ ሁሌም 30 ነው፤ ካልሆነ ተሳስተሻል ማለት ነው።

መጥቅዑ 18 ስለሆነ መስከረም 18 በምን ቀን እንደዋለ እናያለን፤ እሑድ ነበር። የእሑድ ተውሳክ (ለዕለቱ የሚጨመረው ቁጥር) 7 ነው፤ ከ18 ጋር ሲደመር 25። ነነዌ ጥር 25 ሰኞ ገባች። የትንሣኤን ተውሳክ 9 ስትጨምሪ 34፤ 30ውን ግደፊ፣ ፋሲካ ሚያዝያ 4።