ሪማርክ (ፈተናዬ እንደገና ይታረምልኝ የሚል ጥያቄ) ካስገባሁ ሶስት ወር ሊሞላኝ ነው፣ በህግ ምን ማድረግ እችላለሁ?

ጠያቂ፦ ሰላም ናችሁ? የመንግስት ዩኒቨርሲቲ 4ኛ አመት ተማሪ ነኝ። ባለፈው ሴሚስተር አንድ ኮርስ ኤፍ መጣብኝ፣ ሚዱም አሳይመንቱም ጥሩ ስለነበር አላመንኩም፣ ሪማርክ ሞልቼ ለዲፓርትመንት አስገባሁ። የዲፓርትመንቱ ሄድ (ሀላፊው) ኮሚቴ ላይ ነው ይለኛል፣ ኮሚቴው ወረቀቱ ከመምህሩ አልመጣም ይላል፣ መምህሩ ደሞ ስልክ አያነሳም። ኮርሱ ፕሪሪኩዚት (ቀድሞ መታለፍ ያለበት) ስለሆነ ቀጣዩን መመዝገብ አልቻልኩም። መክሰስ ይቻላል? ለጠበቃ የሚሆን ብር ግን የለኝም።

መልስ 1፦ ወንድሜ ቀን ያለበት ኮፒ ይዘሀል?

ጠያቂ፦ ኧረ የለኝም፣ ፎርሙን ሰጥቼ ወጣሁ።

መልስ 1፦ በል ነገ አዲስ ማመልከቻ ጻፍ፣ በዚህ ቀን ሪማርክ ጠይቄ እስካሁን መልስ አላገኘሁም በል፣ ለዲፓርትመንት ሄዱ አስገብተህ ለዲኑ ግልባጭ አድርግ። ሁለት ኮፒ ይዘህ ሂድና አንዱ ላይ የመዝገብ ቁጥርና ማህተም አስደርግ። እኔ ሁለት ወር በቃል ስመላለስ ከረምኩ፣ በኋላ ስጠይቅ ፋይሌ ውስጥ አንድም ነገር የለም!

መልስ 2፦ የግቢህን ሴኔት ሌጅስሌሽን (የዩኒቨርሲቲውን የውስጥ ደንብ) ፈልገህ ስለ ግሬድ ቅሬታ የሚለውን አንብብ፣ ቀነ ገደብ ካለው አንቀጹን ማመልከቻህ ላይ ጥቀስ። ዲኑ ዝም ካለህ ወደ አካዳሚክ ምክትል ፕሬዝዳንት ነው። ጎን ለጎን ፋይሉ የት እንደደረሰ በጽሁፍ መረጃ ጠይቅ፣ በአዋጅ 590/2000 መሰረት የመንግስት መስሪያ ቤት በመደበኛው በ30 ቀን ውስጥ መመለስ አለበት።

መልስ 3፦ ይሄ ሁሉ ልፋት ለምን፣ መምህሩ ቂም ይዞብህ ሌላ ኮርስ ላይ ይጥልሀል። ድገመውና ተመረቅ።

መልስ 4፦ ቂሙ እንዳለ አልክድም ግን መድገም ማለት አንድ አመት ሊሆን ይችላል እኮ። እኔ ህግ ነው የተማርኩት፣ ቅደም ተከተሉን አትሳት። የውስጥ ቅሬታህን ሳትጨርስ ፍርድ ቤት ብትሄድ ይመልሱሀል። ከዛ በፊት እንባ ጠባቂ ተቋም (የመንግስት ቢሮዎች ላይ የሚቀርብ አቤቱታ የሚመረምረው) ሂድ፣ አቤቱታ በነጻ ነው በቃልም ይቀበላሉ፣ ጠበቃም አያስፈልግህም። ግን ፍርድ ቤት የተያዘ ጉዳይ ስለማያዩ ክስ ከከፈትክ ያ በር ይዘጋል። የሚሰጡትም የመፍትሄ ሀሳብ ነው እንጂ እንደ ፍርድ አይደለም፣ ቢሆንም ከነሱ ደብዳቤ ሲመጣ ቢሮዎች ይነቃሉ። ካልሆነ የፌደራል አስተዳደር ስነ ስርአት አዋጅ 1183/2012 አለ፣ የፌደራል አስተዳደር ተቋም ውሳኔ በፍርድ ቤት እንዲከለስ ይፈቅዳል። ዳኛ ግን ወረቀትህን አርሞ ቢ አይሰጥህም፣ ቢበዛ በደንቡ መሰረት ወስኑለት ነው የሚለው።

መልስ 2፦ ህግ ትምህርት ቤት ያላቸው ብዙ ግቢዎች ነጻ የህግ ድጋፍ ማእከል አላቸው። የራስህ ግቢ ላይ ከሆነ የራሳቸውን ዩኒቨርሲቲ መቃወም ሊያፍሩ ይችላሉ፣ የጎረቤት ግቢውን ሞክር።

መልስ 1፦ ደሞ ማመልከቻው ላይ ሪማርኩ እስኪያልቅ ቀጣዩን ኮርስ በጊዜያዊነት ልመዝገብ ብለህ ጨምርበት። አድ ኤንድ ድሮፕ (ኮርስ የመጨመሪያና የመተዊያ ጊዜ) ካለፈ ቢፈርዱልህም ሴሚስተሩ ሄደ።

ጠያቂ፦ አድ ኤንድ ድሮፕ አርብ ያበቃል፣ ነገ ጠዋት መዝገብ ቤት ነኝ።