ሠርጋችን አምስት ወር ቀርቶታል፤ ዝግጅቱን ሳልጨናነቅ እንዴት ልያዘው?

ጥያቄ
ሰላም ለሁላችሁ። አዳራሽ ይዘናል፣ ቀብድም ከፍለናል። ሌላው ሁሉ ግን ግማሹ ስልኬ ላይ፣ ግማሹ ደብተሬ ላይ፣ የቀረው ጭንቅላቴ ውስጥ ነው። ቤተሰብ በየቀኑ ይጠይቃል፣ እጮኛዬ «አንቺ ያልሽው ይሁን» ይላል፣ እኔ ደግሞ ሌሊት እየነቃሁ ያልተሠራውን እቆጥራለሁ። ከምን ልጀምር?

መልስ 1
እህቴ፣ ከዲኮሩም ከልብሱም በፊት የተጋባዡን ቁጥር ቁረጡ። ምግቡ፣ ወንበሩ፣ ካርዱ፣ መኪናው ሁሉ የሚሰላው በሱ ነው። ቁጥሩ እስኪቆረጥ ድረስ እያንዳንዱን ዋጋ ደጋግመሽ ትጠይቂያለሽ፤ አብዛኛው ድካም የሚመጣውም ከዚያ ነው።

ከዚያ ኤክሴል ወይም ጎግል ሺትስ ላይ ሁለታችሁም የምትጽፉበት አንድ ፋይል ክፈቱ። አንዱ ገጽ የተጋባዦች ይሁን፦ የቤተሰቡ ስም፣ ስንት ሰው፣ በማን በኩል፣ ስልክ፣ ካርድ ደርሷቸዋል ወይ፣ ይመጣሉ ወይ፣ የጠረጴዛ ቁጥር። አንድ ቤተሰብ አንድ መስመር ይያዝ። ካርድ የሚታተመው በሰው ሳይሆን በቤት ልክ ስለሆነ ለ200 ተጋባዥ 200 ካርድ አያስፈልግም።

ሌላው ገጽ የገንዘብ ነው፦ የታሰበው፣ የተስማማችሁበት ዋጋ፣ የተከፈለው ቀብድ፣ ቀሪው፣ ቀሪው የሚከፈልበት ቀን። ይህን የመጨረሻውን ዓምድ ብዙ ሰው ይዘለዋል። ቀሪ ክፍያዎች ግን የሚከማቹት የመጨረሻዎቹ ሁለት ሳምንታት ላይ ነው፤ ቀኖቹ ጎን ለጎን ካልታዩ ገንዘብ እያለ እጅ ያጥራል። ከጠቅላላው 10 በመቶ ለምንም ሳትመድቡ አስቀምጡ።

መልስ 2
የጊዜ ሰሌዳውን ከሠርጉ ቀን ወደ ኋላ እየቆጠርሽ አውጪው። ምግብ አቅራቢ የመጨረሻውን ቁጥር አብዛኛውን ጊዜ ከ7 እስከ 14 ቀን አስቀድሞ ይፈልጋል። ስለዚህ የተጋባዦች መልስ ማብቂያ 3 ሳምንት ሲቀር ይሁን፤ ዝም ላሉት ለመደወል አንድ ሳምንት ታገኛላችሁ። ካርዱ ከ6 እስከ 8 ሳምንት ቀድሞ ይበተን።

ማንን መጀመሪያ መያዝ እንዳለብሽ ለመለየት አንድ ጥያቄ ይበቃል፦ በአንድ ቀን ስንት ሠርግ ይሠራል? ፎቶ አንሺና ሙዚቀኛ በቀን አንድ ቦታ ብቻ ስለሚሠሩ አሁኑኑ ይያዙ። ኬክና አበባ መቆየት ይችላሉ። ቬሎው የሚሰፋ ከሆነ ግን ዛሬ ነገ አትበይ። የመጨረሻውን ልኬት በዕለቱ በምታደርጊው ጫማ ተለኪ፤ ተረከዙ ከተቀየረ የቀሚሱ ርዝመት ይበላሻል።

ውሉ በጽሑፍ ይሁን። ስንት ሰዓት እንደሚቆዩ፣ ሰዓት ካለፈ ምን እንደሚጨመር፣ በአካል የሚመጣው ማን እንደሆነ፣ ቢሰረዝ ቀብዱ ይመለስ እንደሆነ ሳይጻፍ አትፈርሚ።

ጠያቂዋ
በጣም አመሰግናለሁ። ቁጥሩን ከቆረጥን በኋላ ቤተሰብ «እነ እገሌ ቀሩ» ሲል ምን እናድርግ?

መልስ 3
ተጠባባቂ ዝርዝር ያዙ። «አልመጣም» ያለ ሲኖር ብቻ ከሱ ይጨመራል። መልሱን ለየቤተሰቡ የሚሰጠው የራሱ ልጅ ይሁን፤ ለእጮኛሽ ወላጆች አንቺ ስታስረጂ ቅሬታው አንቺ ላይ ይቀራል።

«አንቺ ያልሽው ይሁን» የሚለው ነገር ግን ከሁሉ በላይ ያሳስበኛል። እያንዳንዱን ሥራ አንቺ እያስታወስሽው የሚሠራ ከሆነ ሸክሙ አልተከፈለም፤ ማስታወሱ ራሱ ሥራ ነው። መኪና፣ ሙዚቃ፣ ፎቶና ክፍያን ከነውሳኔው ለሱ አስረክቢው፤ ደውሎ የሚከታተለውም እሱ ይሁን። በሳምንት አንድ ቀን 45 ደቂቃ ተቀምጣችሁ ተነጋገሩ፣ በሌላው ቀን የሠርግ ወሬ ይቅር። ለሚጠይቅ ዘመድም «እሑድ ተነጋግረን እንነግራችኋለን» ማለት ይቻላል።

ለሌሊቱ፣ ከመኝታ አንድ ሰዓት በፊት የሚያሳስብሽን ሁሉ ከሚቀጥለው እርምጃ ጋር ጻፊ። «ዲኮር» ብቻ ከጻፍሽ ሐሳቡ አይለቅሽም፤ «ማክሰኞ ደውዬ የወንበር ልብስ ዋጋ እጠይቃለሁ» ሲባል ግን ቦታ ያገኛል። ከሰዓት በኋላ ቡና ይቅር። እንቅልፍ ማጣቱ ለሳምንታት ከዘለቀ ወይም ምግብ ካስጠላሽ ሐኪም አማክሪ፤ «ከሠርጉ በኋላ ይሻለኛል» ብለሽ አትቆዪ።

መልስ 4
ስለ ዕለቱ ልጨምር። መዘግየት ብዙ ጊዜ የሚጀምረው ከፀጉርና ከሜካፕ ነው። ለአንድ ሰው 45 ደቂቃ እስከ 1 ሰዓት ያዙ፤ አንድ ባለሙያ ለአራት ሰው 4 ሰዓት ሊፈጅባት ይችላል። ረዳት ትጨመር፣ ወይም ቀድማችሁ ጀምሩ። በየመርሐ ግብሩ መሃል 15 ደቂቃ ክፍት ተዉ።

የሰዓት ዝርዝሩን፣ የባለሙያዎቹን ስልክና በየስማቸው የታሸገውን ቀሪ ክፍያ ከሚዜ ውጪ ለሆነ አንድ የምታምኑት ሰው ስጡ። ሚዜ ፎቶ ላይ ነው፣ ስልክ አያነሳም። የአንቺም ስልክ እሱ ጋ ይዋል።