ለምናባዊ ዓለም ብርቅ ማዕድን መፍጠር፦ «ረመጥ» ለምን አያሳምንም?

የቀለም ቀንድ (ጠያቂ)፦
ሰላም ለሁላችሁ። በምጽፈው ምናባዊ ልቦለድ ውስጥ «ረመጥ» የሚባል ሰማያዊ ድንጋይ አለ። አስማተኞቹ ኃይላቸውን የሚያወጡት ከሱ ነው። ድንጋዩ የሚገኘው አንድ ተራራ ላይ ብቻ ሲሆን ተራራው የንጉሡ ነው። ረቂቁን ያነበቡ ሁሉ የሚጠይቁኝ አንድ ነው። ሌላ ቦታ ለምን አይገኝም? ንጉሡስ ሺህ ቆፋሪ አሰማርቶ ለምን ጎተራውን አይሞላም? ኃይሉ ያልቃል ወይስ አያልቅም? «አስማት ነዋ» ብዬ ማለፍ አልፈልግም።

ዐለት ቆርቋሪ፦
«ብርቅ ነው» ማለት ብቻውን ምክንያት አይሆንም፤ ብርቅ ያደረገውን ነገር አሳይ። መረግድን ተመልከት። እንዲፈጠር ቤሪሊየም የሚባል ንጥረ ነገር ያስፈልገዋል፣ አረንጓዴ እንዲሆን ደግሞ ክሮሚየም ወይም ቫናዲየም የሚባሉ ሌሎች ንጥረ ነገሮች። ቤሪሊየም በብዛት የሚከማቸው ከግራናይት ጋር በተያያዙ ዐለቶች ውስጥ ነው። ክሮሚየም የሚበዛው ግን ከምድር ጥልቅ በወጡ ጥቁር አረንጓዴ ዐለቶች ውስጥ ነው። እነዚህ ሁለቱ የሚገናኙበት አጋጣሚ ጥቂት ነው። አሌክሳንድራይት የሚባለው የከበረ ድንጋይም በዚሁ ምክንያት ብርቅ ሆኗል።

ለረመጥም እንዲሁ አድርግ። ነጩ ግራናይት ጥቁሩን ዐለት ሰብሮ በገባበት ድንበር ላይ ብቻ ይፈጠር። ያኔ ካርታህ ራሱ ይናገራል፤ ቆፋሪ በየተራራው አይዞርም፣ የሁለቱን ቀለም መገናኛ ተከትሎ ይሄዳል። ሥሩ፣ ማለትም ረመጡን ይዞ በዐለቱ ውስጥ የሚዘረጋው ቀጭን መስመር፣ ክንድ የሚያህል ስፋት ካለው ደግሞ የንጉሡ ጥያቄ ተመለሰ። ሺህ ሰው ቢመጣ ፊት ለፊት ቆሞ መቆርቆር የሚችለው ሁለት ሰው ነው፣ ሌላው ፍርስራሽ ተሸካሚ ነው።

ቁጥርም ያዝ። በአንድ ቶን ዐለት 5 ግራም ረመጥ አለ ብትል ለአንድ ኪሎ 200 ቶን መሰበር አለበት። ቡድኑ በቀን አንድ ቶን ከሰበረ አንድ ኪሎ 200 ቀን ይፈጃል። ይህን አንዴ ከወሰንክ በኋላ «ሦስት ጋሪ ሙሉ ረመጥ» የሚል ዓረፍተ ነገር ካለህ ሰርዘው።

ፍም፦
ስለ ኃይሉ፦ ሁለት እውነተኛ ድንጋዮች ምርጫ ይሰጡሃል። አንዱ የቦሎኛ ድንጋይ ነው። በ17ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ጣሊያን ውስጥ ቦሎኛ አጠገብ የተገኘ ባራይት የሚባል ማዕድን ከከሰል ጋር ሲቃጠል፣ ቀን የጠጣውን ብርሃን ጨለማ ውስጥ መልሶ የሚያወጣ ነገር ሆነ። ሌላው ፍሎራይት ነው። አንዳንዱ ፍሎራይት ሲሞቅ ያበራል፤ ክሎሮፌን የሚባለው ዓይነት የእጅ ሙቀት ብቻ ሊበቃው ይችላል። ካበራ በኋላ ግን ቀዝቅዞ እንደገና ቢሞቅ አያበራም፤ ያጠራቀመው አልቋል። እንደገና የሚሞላው እንደ ራዲዮአክቲቭ ያለ ጨረር ሲያገኘው ነው።

እኔ ብሆን የቦሎኛውን እመርጣለሁ። ፀሐይ ላይ አስጥቶ መሙላት ለአንባቢ ቶሎ ይገባል።

መሮና መዶሻ፦
ፍም፣ እዚህ ላይ አልስማማም። ፀሐይ የሚሞላው ከሆነ አንድ ድንጋይ ለዘላለም ይበቃል፤ ከአንድ ትውልድ በኋላ ማን ይቆፍራል? የንጉሡም ሥልጣን አብሮ ይፈርሳል። ፍሎራይት ይሻላል። መሬት ውስጥ ያለው ድንጋይ በዙሪያው ካለው ዐለት በሚወጣ ደካማ ጨረር እጅግ ረጅም ዘመን ሲሞላ ኖሯል። ስለዚህ ያልተቆፈረው ሙሉ ነው፣ የተጠቀምክበት ባዶ ነው፣ ባዶውን መልሶ ለመሙላት የሰው ዕድሜ አይበቃም።

ይህን ስትመርጥ አቆፋፈሩም ይለወጣል። ጥንት ጠንካራ ዐለት የሚሰበረው ግድግዳው ሥር እሳት አንድዶ፣ ሲግል በማቀዝቀዝ ነበር። በረመጥ ይህ አይሆንም፤ ሙቀቱ ድንጋዩን ገና ዐለቱ ውስጥ እያለ ባዶ ያደርገዋል። የቀረው ዘዴ አዝጋሚ ነው፦ በስንዝር ርቀት ተራ ጉድጓዶች መብሳት፣ በየጉድጓዱ ሁለት ስስ ብረት ማስገባት፣ በመካከላቸው ሽብልቅ መትከል፣ ከዚያ ሁሉንም በየተራ ቀስ እያሉ መምታት። አንዱን ብቻ እስከ መጨረሻ ከመቱት ስንጥቁ ወደ ሥሩ ይዞራል።

ስብራቱንም አትርሳ። የማዕድናትን ጥንካሬ ከ1 እስከ 10 በሚያስቀምጠው የሞህስ መለኪያ ፍሎራይት 4 ነው፣ ጥፍር አይጭረውም፣ ቢላ ግን ይጭረዋል፤ በአራት አቅጣጫም በቀላሉ ይሰነጠቃል። ረመጥም እንዲህ ከሆነ መዶሻ የነካው ድንጋይ ይፈረካከሳል። ዙሪያውን ካለው ዐለት ጋር በጭብጥ መጠን ቆርጦ ማውጣት፣ ከዚያ ውጭ በጥላ በእንጨትና በአጥንት መፋቅ ነው። እጁ የሚሞቅ ሠራተኛ ጓንት ይልበስ።

የቀለም ቀንድ፦
የእሳቱ ነገር አንድ ሙሉ ምዕራፍ አስቀየረኝ፤ አመጸኞቹ ማዕድን ማውጫውን የሚያቃጥሉበት ምክንያት ተገኘ። አንድ የቀረኝ፦ ገበያ ላይ ሐሰተኛውን እንዴት ይለዩታል?

ሚዛን፦
በክርና በውኃ። ድንጋዩን በአየር ላይ መዝን፣ ቀጥሎ በቀጭን ክር አንጠልጥለህ ውኃ ውስጥ መዝን፣ የመጀመሪያውን ክብደት ለልዩነቱ አካፍል። ውጤቱ ድንጋዩ ከእኩል መጠን ውኃ ስንት እጥፍ እንደሚከብድ ይነግርሃል፤ ሐሰተኛው ከሌላ ማዕድን ከሆነ ቁጥሩ ይለያል። 31.8 ግራም ፍሎራይት ውኃ ውስጥ 21.8 ይመዝናል፤ 31.8 ለ10 ሲካፈል 3.18። ያው ክብደት ያለው ኳርትዝ ግን 12 ግራም ያጣል፣ ውጤቱም 2.65 ነው። የአየር አረፋ ከተለጠፈበት ወይም ዐለት ካልተፋቀለት ቁጥሩ ይዛባል።

ሚዛን የማይዘው ዋናው ማጭበርበር ባዶውን ሙሉ ነው ብሎ መሸጥ ነው፣ ምክንያቱም ክብደታቸው አንድ ነው። እሱን የሚያጋልጠው ሙቀት ብቻ ነው፤ ሙሉውን ማሞቅ ደግሞ ማባከን ነው። ስለዚህ የስንዴ ቅንጣት የምታህል ፍንካች ከጠርዙ ተሰብራ የጋለ ብረት ላይ ትቀመጥ፤ ካበራች ድንጋዩ ሙሉ ነው። የሚሰበረውን ጎን ግን ገዢው ይምረጥ። ሻጩ ከመረጠ ባዶው ድንጋይ ላይ ሙሉ ፍንካች በሰም ለጥፎ ሊጠብቀው ይችላል።